ግልበጣ በመስታወት ቤት

የሰው ልጅ ከብዙ አደጋ ተርፏል። ከጎርፍ ተርፏል፣ ከአንበጣ ተርፏል፣ ከወረርሽኝ ተርፏል፤ ከአማቱ የተረፈም አለ ይባላል። ከአበባ የተረፈ መሥሪያ ቤት ግን የእኛ ብቻ ነው። ይህን ታላቅ ታሪክ ለትውልድ ማስተላለፍ የሚገባው ከእኔ የተሻለ ሰው ነበር፤ ነገር ግን ቃለ ጉባኤ የምይዘው እኔ ስለሆንኩ የተሻለው ሰው ይቅር ይበለኝ።

መሥሪያ ቤታችን የዕፅዋት ማዕከል ነው። ሥራው ዕፅዋትን ማጥናት፣ መንከባከብና ለሕዝብ ማሳየት እንደሆነ በበሩ ላይ ተጽፏል። እኛም ጠዋት ስንገባ እናነበዋለን፤ ከገባን በኋላ ስብሰባ አለብን። ዕፅዋት የሚያውቅ ሰው በማዕከሉ የለም ማለት ግን ስም ማጥፋት ነው። አንዲት አለች። ቀጭን ናት፣ ስትናገርም ትወጋለች፣ ስለዚህ መርፌ እንላታለን። ፊት ለፊቷ አይደለም እንግዲህ።

የበላይ ኃላፊያችን ደግሞ የበላይ ኃላፊ ናቸው፤ ሌላ ምን እላለሁ? "ዳይሬክተር" ሲባሉ ዝም ይላሉ፣ "የበላይ" ሲባሉ ግን ፊታቸው ይፈካል። አንድ ልማድ አላቸው፤ ሲከፋቸው ለንቦጫቸውን ይጥላሉ። ለንቦጫቸው የተጣለ ቀን በቢሯችን ሻይ እንኳ የሚማሰለው ቀስ ተብሎ ነው። ምክትላቸውን "ልክ ነው" እንለዋለን፤ በሥራ ዘመኑ ሁሉ ሌላ ቃል ሲናገር የሰማው ስለሌለ። አንድ ቀን ሚስቱ ተቆጥታ "ዛሬ ውጭ ልታድር ነው እንዴ?" ብትለው፣ "ልክ ነው" ብሎ ውጭ አደረ የሚሉ አሉ። እኔ ሐሜት አልወድም፤ የሚሉትን ነው የነገርኳችሁ።

ነገሩ የጀመረው አዲስ የመስታወት ቤት ሲሠራልን ነው። መርቀው የሚከፍቱልን የበላያችን የበላይ እንደሆኑ ተነገረን፤ መርፌም ለእያንዳንዱ ተክል መግለጫ ጽፋ እንድትለጥፍ ታዘዘች። ለጥፋ ለጥፋ በመጨረሻ መሃል ላይ ከሚቀመጠው ኦርኪድ ደረሰች። ይህን ኦርኪድ ከአውራ ጣት ከማትበልጥ ጉቶ ያሳደገችው እሷ ናት። ውሃ እየረጨች፣ ከፀሐይ እየከለለች፣ አንዳንዴም እንደ ልጅ እየተቆጣችው። እንቡጥ የያዘላት ገና ዘንድሮ ነው።

ኦርኪድ አንድ ጠባይ አለው። እንቡጥ ሳለ፣ "ከንፈር" የሚባለው ትልቁ ቅጠሉ ያለው ከላይ ነው። ሊፈካ ሲል አንገቱ ይጠማዘዝና አበባው እንዳለ ይገለበጣል፤ ላይ የነበረው ከንፈር ታች ይሆናል፣ ነፍሳትም መጥተው እንደ በረንዳ ያርፉበታል። እኛ ቆንጆ ቀጥ ያለ አበባ እያልን የምናደንቀው ለካስ ተዘቅዝቆ ኖሯል። የዘርፉ ሊቃውንት ይህን መዘቅዘቅ "ሪሱፒኔሽን" ይሉታል። የአማርኛ ስም ስላላገኘችለት መርፌ ራሷ አወጣችለት፣ በሰሌዳም ላይ እንዲህ ብላ ጻፈች፦

"ግልበጣ። ይህ አበባ ከመፍካቱ በፊት ግልበጣ ያካሂዳል። የበላይ የነበረው ቅጠል የበታች ይሆናል፤ የበታች የነበሩትም ከላይ ይቀመጣሉ። የበላዩ፣ ከንፈር የሚባለው፣ ከሁሉ ትልቁና ጌጠኛው ሲሆን ዋና ሥራው መታየት ነው። ግልበጣውን የሚያካሂደው አንገቱ ነው። ሁሉም ነገር ያለ ድምፅ ይፈጸማል።"

እንግዲህ እናንተው ፍረዱ። ሰው ከመሥሪያ ቤት ደመወዝ እየበላ እንዲህ ያለ ነገር ይጽፋል?

የበላይ ኃላፊያችን ምረቃው ከመድረሱ በፊት ሊጎበኙ ሲገቡ እኛም ከኋላቸው ተከተልን። ሰሌዳውን ጮክ ብለው ማንበብ ጀመሩ። "ግልበጣ" ላይ ድምፃቸው ቀነሰ፣ "የበታች ይሆናል" ላይ ጠፋ። "ከንፈር" የሚለው ላይ ሲደርሱ ለንቦጫቸው ተጣለ፤ ይኸኔ ነገሩ ባሰ፣ ምክንያቱም ሁላችንም አንዴ ሰሌዳውን አንዴ ለንቦጩን አየን።

"የበላዩ ማነው?" አሉ።

"ቅጠሉ ነዋ" አለች መርፌ።

"የቱ ቅጠል?"

"ከንፈሩ።"

"የማን ከንፈር?"

"የአበባው ነው፣ ጌታዬ። የሌላ ሰው ከንፈር እዚህ ምን ይሠራል?"

እዚያው አስቸኳይ ስብሰባ ተጠራ። ማዕከላችን እሳት ተነስቶበት ያውቃል፣ ጣራው አፍስሶ ያውቃል፤ አስቸኳይ ስብሰባ ግን የተጠራው ያን ቀን ነው። የጥበቃ ኃላፊው ደረቱን ነፍቶ ገባ። በሥራ ዘመኑ ይዞ የሚያውቀው አጥር የዘለለ ፍየል ብቻ ስለነበር፣ እንዲህ ያለ ጉዳይ እስኪመጣለት ሲጸልይ የኖረ ይመስላል። ጥያቄውን ለመርፌ አቀረበ።

"ስንት ናቸው?"

"ምኖቹ?"

"በጉዳዩ ያሉበት።"

"ስድስት ቅጠል ነው ያለው።"

"የሚያስተባብራቸውስ?"

"የሚያስተባብር የለም። አንገቱ ነው የሚጠማዘዘው አልኩ።"

"አንገቱ ማነው?"

"አንገት ነዋ፣ ወንድሜ! አበባውን ከግንዱ የሚያገናኘው።"

"አገናኙ" አለ የጥበቃ ኃላፊው፣ ጭንቅላቱን ቀስ አድርጎ እየነቀነቀ። "እሱን ጻፍልኝ" አለኝ። ጻፍኩለት።

የበላይ ኃላፊያችን እንደ አባት መከሩ። ቃሉን ለውጪው፣ ነገሩ እዚህ ይለቅ አሏት። መርፌ ግን ግትር ናት፤ ይህን ለእሷም ስል ብደብቅ ደስ ባለኝ። መኪና ሲገለበጥ ታዲያ ምን ይባላል ብላ መልሳ ጠየቀች። እሳቸውም ሳያመነቱ የመሥሪያ ቤቱ መኪና ከሆነ ከመስመር ወጣ ይባላል ብለው መለሱ፤ ምክትሉም ልክ ነው አለ። እሷ ግን "የተገለበጠ ነገር ተገለበጠ ነው፤ ሌላ ቃል አላውቅለትም" ብላ እጆቿን አጣመረች።

ስለዚህ የመስታወት ቤቱን ቁልፍ ተቀማች። እስከ ምረቃው ቀን ቃሉን ካልለወጠች ከሥራዋ እንደምትሰናበት በስብሰባው ፊት ተነገራት። ይህ ቀላል ነገር አልነበረም፤ እናቷን የምትጦረውም ታናሽ እህቷን የምታስተምረውም በዚህች ሥራ ነው፣ ባልም ርስትም የላትም። እሷ ግን ስትወጣ ስለ እንጀራዋ ምንም አላለችም። "ውሃ በአናቱ እንዳታፈሱበት፣ ይበሰብሳል" ብቻ ብላ ሄደች።

"ግልበጣ"ን የሚተካ ቃል እንዲያወጣ የተቋቋመው ኮሚቴ በማግስቱ ሥራ ጀመረ። ከኮሚቴው መካከል አበባው ምን እንደሚያደርግ ቆሞ ያየ አልነበረም፤ ይህም ለገለልተኝነት ጠቅሟል። "መዞር" የሚል ሐሳብ ቀረበና "ዞረባቸው ይሉናል" ተብሎ ወደቀ። "መጠምዘዝ" ቀረበ፤ እጅ ጠምዛዥ እንባላለን ተባለ። "ፊት ማዞር" የሚለው ደግሞ የበላያችን የበላይ በሚመጡበት ቀን ፊት አዞሩባቸው ከመባል አያድንም። የጥበቃ ኃላፊው ሳያስበው "ሹም ሽር" አለና ሁሉም ጣራውን ማየት ያዘ። በጣራው ላይ ምንም አልነበረም።

የሕዝብ ግንኙነት ኃላፊዋ የተማረች ስለሆነች፣ ነገርን ከሥሩ ማየት ይበጃል፣ ኦርኪድ የሚለው ስም ራሱ ከየት መጣ ብላ መዝገበ ቃላት ገለጠች። ለካስ ሥሩ ሁለት ሁለት ሆኖ ሲንዠረገግ ያዩ የጥንት ሰዎች፣ ወንዶች ብቻ ባላቸው ጥንድ ነገር ስም ጠርተውት ነበር። አነበበች፣ ጆሮዋ ቀላ፣ መጽሐፉን አጥፋ ለምክትሉ አሳለፈችው። ምክትሉ ገልጦ አነበበ፣ መነጽሩን አስተካክሎ ደግሞ አነበበና "ልክ ነው" አለ። ከሥር መነሳት እንደማያስፈልግ በሙሉ ድምፅ ተወሰነ።

በመጨረሻ ቃሉን ያወጡት የበላይ ኃላፊያችን ናቸው። ዓይናቸውን ጨፍነው ጥቂት ቆዩ፤ ተኝተው ነው የሚሉ ምቀኞች አሉ። ሲገልጡት "በክብር ወደ ምቹ አቀማመጥ መዛወር" አሉ። ክፍሉ በጭብጨባ ተናወጠ። እስቲ አስቡት። የበላዩ አልተገለበጠም፣ አልወረደም፣ ማንም አልነካውም፤ በክብር ተዛወረ። የት? ወደ ምቹ አቀማመጥ። ምቾትን የሚጠላ ማነው? አዲሱ ሰሌዳ በወርቃማ ፊደል ተሠርቶ ተሰቀለ።

ያ ቃል ለመጀመሪያ ጊዜ ሥራ ላይ የዋለውም በመርፌ ላይ ነው። በምረቃው ዋዜማ ተጠርታ ሐሳቧን እንዳልለወጠች ስትናገር፣ የበላይ ኃላፊያችን በትሕትና ተነስተው ቆሙ።

"እንግዲያው እህቴ፣ በክብር ወደ ምቹ አቀማመጥ ተዛውረሻል።"

"ተባረርኩ ማለት ነው?"

"እንዲያ ያለ ቃል እዚህ ቤት የለም።"

"ታዲያ ምቹው የት ነው?"

"እሱ ወደፊት ይገለጻል።"

መርፌ ከዚያ ወጥታ በመስታወት ቤቱ በር ላይ ካለው ድንጋይ ተቀመጠች። አንዳንድ ባልደረቦቻችን አዘኑላት፤ በአጠገቧ ባለፉ ቁጥር ሰዓታቸውን ያዩ ነበር። እኔም አዝኜ ሰዓቴን አየሁ።

ነገር ግን የጥበቃ ኃላፊው ዝም ብሎ የሚተኛ ሰው አይደለም። "ቃሉስ ተለወጠ፣ ድርጊቱስ?" አለ። ደግሞም እውነቱን ነው፤ እንቡጡ ነገ ተነገ ወዲያ መፍካቱ ነው፣ ሲፈካም እንግዶች በተሰበሰቡበት ከንፈሩን ወደ ታች ሊጥለው ነው። የበላይ ኃላፊያችን አሰቡበትና፣ በራሱ ተገልብጦ ወደ ታች የሚሄድ ከሆነ ማሰሮውን አስቀድመን ብንገለብጠው ወደ ላይ ይመጣል ማለት ነው ብለው ፈረዱ። በሒሳብ የሚሸነፍ ፍርድ አልነበረም። ማሰሮው በገመድ ታስሮ አፉ ወደ መሬት፣ ቂጡ ወደ ሰማይ ሆኖ ተሰቀለ። የጥበቃ ኃላፊው ውሃ ሊያጠጣው ሞክሮ ያጠጣው ራሱን ነው።

መርፌ በመስታወቱ በኩል ስታይ ቆይታ ገብታ ለመነቻቸው። የለመነችው ለራሷ አይደለም። "ለማሰሮው ግድ የለውም እኮ" አለች። "አበባው የሚያውቀው መሬት የት እንደሆነ ነው። ብትዘቀዝቁትም ከንፈሩን ወደ ታች አድርጎ ነው የሚፈካው፤ እንዲያውም አንገቱን ከመጠምዘዝ ትገላግሉታላችሁ። ሥሩ ግን እየደረቀ ነው፣ አውርዱልኝ።" የበላይ ኃላፊያችን ፈገግ አሉ። ነገ ከንፈሩ ታች ሆኖ ከተገኘ አበባውን ያሳመፀችው እሷ ለመሆኗ ማስረጃ እንደሚሆን አስረድተው አስወጧት።

የምረቃው ቀን ደረሰ። መጋረጃው ሲገለጥ አበባው ፈክቷል። ማሰሮው ተዘቅዝቋል፣ ሥሩ ወደ ሰማይ ነው፣ በክፍሉ ውስጥ ያለው ነገር ሁሉ ተገለባብጧል፤ አበባው ብቻ ከንፈሩን ወደ ታች ጥሎ፣ ልክ እንደ ድሮው፣ ማንም እንዳልነገረው ሆኖ ቆሟል። የበላይ ኃላፊያችን ለንቦጫቸውን ጣሉ። ሁለቱ ጎን ለጎን ሲታዩ፣ እንዴት ልበላችሁ፣ ወንድማማች ነው የሚመስሉት። ከማሰሮው፣ ኦርኪዱ በአፈር ፈንታ የተተከለበት የዛፍ ቅርፊት ስብርባሪ እየረገፈ በትከሻቸው ላይ ያርፍ ነበር።

የበላያችን የበላይ አበባውን አላዩትም። ሰሌዳውን ነበር የሚያነቡት። አነበቡ፣ ተመለሱና እንደገና አነበቡ።

"ይህን ቃል ያወጣው ማነው?"

"እኔ ነኝ፣ ክቡር ሆይ" አሉ የበላይ ኃላፊያችን፣ ቅርፊቱን ከትከሻቸው እያራገፉ።

"አንተ ነህ? ተባረክ። ምን ያህል ጊዜ ስፈልገው የኖርኩትን ቃል ነው ያገኘኸው። ሰውን 'ተነስተሃል' ስትለው ይቀየማል፣ 'ተሽረሃል' ስትለው ዘመድ አዝማድ ይዞ ይመጣል።" እጃቸውን በኃላፊያችን ትከሻ ላይ ጣል አደረጉ። "የአንተንም ጉዳይ በምን ቃል እንደምነግርህ ጨንቆኝ ነበር የመጣሁት። በል እንግዲህ ወንድሜ፣ ከዛሬ ጀምሮ በክብር ወደ ምቹ አቀማመጥ ተዛውረሃል። ምክትልህ ይተካሃል።"

እኛ አጨበጨብን፤ ቃሉ ጭብጨባ አለው ብለናልና። እሱ ግን ደርቆ ቀረ። አንባቢ ሆይ፣ "እሱ" ስላልኩ እንዳትቀየመኝ። አንቱታው የወንበሩ ንብረት ነው፤ ሰውየው ሲወጣ ይዞት አይወጣም፣ ከጠረጴዛውና ከስልኩ ጋር ለሚቀጥለው ይተላለፋል።

"ክቡር ሆይ" አለ በቀጭን ድምፅ፣ "ይሄ… ይሄ ግልበጣ አይደለም?"

ቃሉ ከአፉ ሲወጣ ሁላችንም ሰማን። እሱ ራሱ የከለከለው፣ ኮሚቴ ያቋቋመበት፣ ሰው ያባረረበት ቃል ነው። እንግዳው ግን አልተቆጡም።

"ኧረ ምን በወጣህ" አሉት። "እንዲያ ያለ ቃል እዚህ ቤት የለም።"

ምቹው የት እንደሆነ ሊጠይቅ አፉን ከፈተ፤ ወደፊት ይገለጻል ተባለ። ሪባኑ ተቆረጠና እንግዳው ሄዱ። እኛም አዲሱን የበላይ ኃላፊያችንን፣ ምክትል የነበሩትን፣ አጅበን ወደ ቢሯቸው ወጣን። ደረጃውን ሲወጡ ቁመታቸው እንኳ ጨምሮ ነበር። በሩን ከፈትንላቸው።

መርፌ በወንበሩ ላይ ተቀምጠዋል።

አዎ፣ ተቀምጠዋል። ምን ላድርግ፣ ምላሴ የሚያየው ወንበሩን ነው። ወደ ኋላ ደገፍ ብለው፣ እግራቸውን አነባብረው፣ ጠረጴዛው ላይ የአበባ መቀስ አስቀምጠው ተቀምጠዋል። የጥበቃ ኃላፊው ይህ የማን ወንበር እንደሆነ ያውቁ እንደሆነ ጠየቃቸው።

"አውቃለሁ" አሉ መርፌ። "ወደ ምቹ አቀማመጥ ተዛውረሻል ተብዬ ነበር፣ የት እንደሆነ ግን የሚነግረኝ ጠፋ። ራሴ ፈለግኩ። የበሩ ድንጋይ ይቆረቁራል፣ የመጋዘኑ ሣጥን ይንቋቋል፤ ግቢውን ዞሬ ከዚህ የሚመች አላገኘሁም።" ከዚያ ወደ አዲሱ የበላይ ኃላፊ ዞር አሉ። "ትዕዛዝ ይከበራል፣ አይደለም እንዴ?"

አዲሱ የበላይ ኃላፊያችን አፋቸውን ከፈቱ። አየኋቸው፤ ሌላ ቃል እየፈለጉ ነበር። ግን የዕድሜ ልክ ልማድ በአንድ ከሰዓት አይለቅም።

"ልክ ነው" አሉ።

 የማዕከሉ ወንበር ደረጃውን በወጣንበት ጊዜ ውስጥ ሁለተኛ ባለቤት አገኘ። እኔም ብዕሬን አንስቼ ለማን እንደምሰግድ ግራ ገብቶኝ መሃል ላይ ጎንበስ አልኩ።

"አይዟችሁ፣ አልፈልገውም" አሉ መርፌ። "ቁልፌን ስጡኝ። ወደ ሥራዬ እመለሳለሁ፣ ሰሌዳዬም ይመለሳል። ከዚያ ውሰዱት፤ ደግሞ ሲጥ ሲጥ ይላል።"

"ልክ ነው" አሉ አዲሱ የበላይ ኃላፊ፣ በዚህኛው እንኳ ከልባቸው።

የጥበቃ ኃላፊው ቁልፉን ከኪሱ አወጣ። መርፌ ተነሳች፣ መቀሷን ያዘች፣ ሳትሰናበተን ወረደች። ማሰሮውን ፈትታ ቀና አደረገችው፤ የደረቀውን ሥር ቆረጠች፣ የተረፈውን አረጠበች። የወርቁን ሰሌዳ አውርዳ ከጀርባው ላይ የመጀመሪያውን ጽሑፍ ጻፈችበት፣ ሰሌዳ ማባከን አትወድም። የቀድሞው ኃላፊ አልፎ አልፎ እየመጣ ቆሞ ያነበዋል ይላሉ። አዲሱም በየጠዋቱ ያነቡታል፤ ለንቦጫቸውም ከቀን ወደ ቀን ወረድ እያለ ነው።

የዚያን ቀን ቃለ ጉባኤ የዘጋሁት "በማዕከሉ ምንም ዓይነት ግልበጣ አልተካሄደም" ብዬ ነው፣ ተጨብጭቦ ጸደቀ። የጥበቃ ኃላፊው ብቻ አልረካም። ያ "አንገት" የተባለው አገናኝ እስካሁን እንዳልተያዘ እያነሳ በየስብሰባው ይጠይቃል።

እኔ ደግሞ ሰሞኑን አንገቴን ያመኛል። ሐኪም ዘንድ ሄድኩ። ወዲህም ወዲያም አዟዙሮ አየውና፣ እንዲህ ተጠማዝዞ የሚውለው ምን ሠርተህ ነው አለኝ።

"ቃለ ጉባኤ እይዛለሁ" አልኩት።